ከአባት የተረፉ ሪሎችና ካሴቶች፦ ለሙዚየም ይሰጡ ወይስ ተገልብጠው ይጣሉ?

ጥያቄ፦ «የምኖረው ጅማ፣ ፈረንጅ አራዳ ነው። በቅርቡ ያረፉት አባታችን ሬዲዮና ቴፕ እየጠገኑ፣ ሠርግና ስብሰባ እየቀዱ ያሳደጉን ሰው ነበሩ። ከኮርኒሱ በላይና ዕቃ ቤት ውስጥ በማዳበሪያ ከረጢት የተቀመጡ አርባ የሚሆኑ ሪሎች (በክብ መጠቅለያ ላይ የተጠመጠሙ የቴፕ ክሮች)፣ ከሁለት መቶ የሚበልጡ ካሴቶችና ጥቂት የቪዲዮ ካሴቶች አገኘን። ከፊሎቹ ከሬዲዮ የተቀዱ ዜናዎችና ድራማዎች፣ ሌሎቹ የሽማግሌዎች ወግና የአካባቢው ዘፈኖች ናቸው፤ በሦስቱ ሪሎች ካርቶን ላይ ደግሞ የሬዲዮ ጣቢያ ማኅተም አለ። አንዳንዶቹ ነጭ ነገር አብቅለዋል፣ ሁለቱ ሆምጣጤ ሆምጣጤ ይሸታሉ። ወንድሜ ‹ሁሉንም ወደ ፍላሽ ገልብጠን ዋናውን እንጣለው› ይላል። ሆላንድ የምትኖረው የአክስቴ ልጅ ደግሞ ሂልቨርሰም ያየችውን የሬዲዮና የቴሌቪዥን ሙዚየም ፎቶ ልካልኝ ‹እንደዚህ ላለ ቦታ ስጡት› ትላለች። ማንን ልስማ? ማኅተም ያለባቸውን መያዛችንስ ያስጠይቀናል?»

ምላሽ፦ ሁለቱንም እንዳሉ አይቀበሏቸው። በተለይ የወንድምዎ ሐሳብ አንዴ ከተፈጸመ መመለሻ የለውም፤ ፍላሹ ላይ ያረፈው ድምፅ የታፈነ፣ የተንሻፈፈ ወይም ግማሹ የጎደለ ሆኖ ቢገኝ ዋናው ከተጣለ በኋላ ተመልሶ የሚገለበጥበት ነገር አይኖርም። የአክስትዎ ልጅ ሐሳብ የተሻለ ቢሆንም ሙዚየምንና ቤተ መዛግብትን እንደ አንድ ነገር ከማየት የመጣ ነው። ወደ ዝርዝሩ ከመግባቴ በፊት ግን አንድ ጥብቅ ማሳሰቢያ አለኝ፦ እያንዳንዱ ተለይቶ እስኪታይ ድረስ አንዱንም ሪል ሆነ ካሴት «ምን እንዳለበት እንስማው» ብላችሁ ማጫወቻ ላይ አትጫኑ። እኔ ባየኋቸው የቤተሰብ ክምችቶች ትልቁን ጉዳት ያደረሰው የዓመታት ማስቀመጥ ሳይሆን ያ የመጀመሪያው የጉጉት ማዳመጥ ነው። ዓመታት ሳይነካ የቆየ ክር፣ ላስቲኩ በረገበና ሄዱ (ድምፁን ከክሩ ላይ የሚያነበው ክፍል) በቆሸሸ ቴፕ ላይ ሲጫን በደቂቃ ውስጥ ይበላል።

የአክስትዎ ልጅ የጎበኘችው ቦታ የኔዘርላንድስ የድምፅና የምስል ተቋም ነው። እ.ኤ.አ. በ2006 የተከፈተው ሕንፃው ከቴሌቪዥን ሥርጭት የተወሰዱ ምስሎች በታተሙበት ባለቀለም መስታወት የተሸፈነ በመሆኑ ጎብኚ ሁሉ ፎቶ ያነሳዋል። ለእርስዎ ጥያቄ የሚጠቅመው ግን ጎብኚ ፎቶ የማያነሳው ክፍል ነው። ከሕንፃው ወለሎች ግማሾቹ፣ ማለትም አምስቱ፣ ከመሬት በታች ናቸው፤ ክምችቱ የሚያርፈው ሙቀቱና እርጥበቱ በሚመጠንበት በዚያ ክፍል ነው። ላይኛው ፎቅ ሰው የሚያየውና የሚሰማው ቅጂውን ነው። ተቋሙ ከሌሎች የአገሪቱ ቤተ መዛግብት ጋር ሆኖ እ.ኤ.አ. ከ2007 እስከ 2014 ባካሄደው ፕሮጀክት ከ90,000 ሰዓት በላይ ቪዲዮ፣ ከ20,000 ሰዓት በላይ ፊልምና ወደ 100,000 ሰዓት የሚጠጋ ድምፅ ወደ ዲጂታል ተዛውሯል፤ ይህ ሁሉ ሲሆን ዲጂታል ቅጂው የዋናውን ቦታ ወሰደ ተብሎ ክምችቱ በጅምላ አልተጣለም። ፈረንሳይም ብሔራዊ የኦዲዮቪዥዋል ተቋሟን እ.ኤ.አ. በ1974 በወጣ ሕግ ካቋቋመች በኋላ፣ የሬዲዮና የቴሌቪዥን ሥርጭት ቅጂ በግዴታ እዚያ ገቢ እንዲሆን የሚያዝ ሕግ ያወጣችው እ.ኤ.አ. በ1992 ነው። የሁለቱም አገሮች ጥንካሬ ያለው ማን ምን መጠበቅ እንዳለበት በመወሰኑና ለዚያም በየዓመቱ በጀት በመመደቡ ላይ እንጂ በሙዚየሙ ማማር ላይ አይደለም።

በአገራችን ኃላፊነቱ በብዙ እጆች ተከፋፍሎ ይገኛል። ሬዲዮ በ1928 ዓ.ም.፣ ቴሌቪዥን ደግሞ በጥቅምት 1957 ዓ.ም. ሲጀመሩ ያሰራጩት በአብዛኛው በቀጥታ ስለነበር ከመጀመሪያዎቹ ዓመታት ብዙው ነገር ከነጭራሹ ክር ላይ አልወጣም። የተቀዳውን የያዙት በየፊናቸው ጣቢያዎቹ ራሳቸው ናቸው፤ የመንግሥት መዛግብትና የኅትመት ውጤቶች በ1936 ዓ.ም. ከተመሠረተው ከብሔራዊው ቤተ መጻሕፍት ባደገው ቤተ መዛግብትና ቤተ መጻሕፍት ይጠበቃሉ፤ የባህል ሙዚቃና የቃል ቅርስ ቀረጻዎች በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የኢትዮጵያ ጥናት ተቋም ይገኛሉ። በመካከሉ ባለቤት እየለወጡ የተቋረጡ ጣቢያዎችም አሉ፤ ከ1955 ዓ.ም. ጀምሮ ከአዲስ አበባ ለአፍሪካና ለእስያ ያሰራጭ የነበረው ብሥራተ ወንጌል በ1969 ዓ.ም. ተወርሶ የአብዮታዊት ኢትዮጵያ ድምፅ ሲሆን፣ አድማጭ በየቤቱ የቀዳው ፕሮግራም ከጣቢያው መደርደሪያ ላይ መቅረት አለመቅረቱን ማንም በእርግጠኝነት ሊመሰክር አይችልም።

እዚህ ላይ ወንድምዎ «ከሬዲዮ የተቀዳ ነገር ጣቢያው ዘንድ አለ» ብለው አስበው ከሆነ ግምታቸው ስሕተት ነው። ጣቢያዎች በዓለም ዙሪያ ክር ውድ ስለነበረ የተላለፈውን ፕሮግራም እየሰረዙ በላዩ ላይ ሌላ ይቀዱ ነበር። ክሩ በውጭ ምንዛሪ በሚገዛበት አገር ይህ ምን ያህል ፈታኝ እንደሚሆን መገመት አያስቸግርም። ሀብታሙ ቢቢሲ እንኳ በአውሮፓ አቆጣጠር የ1960ዎቹን ፕሮግራሞቹን በብዛት ሰርዟል። ከእነዚያ መካከል የአንድ እውቅ ተከታታይ ድራማ 9 ክፍሎች እ.ኤ.አ. በ2013 ናይጄሪያ፣ ጆስ ከተማ ከሚገኝ ጣቢያ መገኘታቸው ይፋ የተደረገ ሲሆን፣ ምስላቸው እስካሁን ያልተገኙት ክፍሎች ድምፃቸው የተረፈው ተመልካቾች ሳሎናቸው ቁጭ ብለው በቴፕ ስለቀዱት ነው። ስለዚህ ከአባትዎ ሪሎች መካከል የአንድ ምሽት ዜና ወይም ድራማ ብቸኛ ቅጂ ሊኖር ይችላል። ሊኖር ይችላል ማለት አለ ማለት አይደለም፤ ይዘቱ ሳይታወቅ መጣል የለበትም ለማለት ግን ይበቃል።

ከዚያም በላይ የሚበልጥብኝ የሽማግሌዎቹ ወግ ነው። በሙዚቃ ቤት ታትሞ የተሸጠ ካሴት በሺህ ቅጂ ወጥቷልና ከክምችቱ ሁሉ የመጨረሻውን ተራ ይይዛል፤ የታወቀ ዘፋኝ ስም ስላለበት ብቻ ሰው መጀመሪያ የሚያነሳው ግን እርሱን ነው። ይህ ቅደም ተከተል መለወጥ አለበት። አባትዎ ራሳቸው የቀዱት ንግግር፣ ወግ፣ የሠርግና የለቅሶ ዜማ ቀዳሚ ነው፤ ማኅተም ያለባቸውና ከሬዲዮ የተቀዱት ይከተላሉ፤ የታተሙት ካሴቶች ጊዜና ገንዘብ ከተረፈ ይታያሉ። ሆምጣጤ የሚሸቱት ሁለቱ ሪሎች ግን ይዘታቸው ምንም ይሁን ምን ከሁሉም ይቀድማሉ፤ ምክንያቱን ቀጥዬ እገልጻለሁ።

ክር የምንለው ነገር ከስስ ፕላስቲክና በላዩ በማጣበቂያ ከተለበጠ የብረት ዱቄት የተሠራ ነው። ድምፁን የያዘው ዱቄቱ ነው፤ የሚበላሸው ግን ብዙ ጊዜ ፕላስቲኩ ወይም ማጣበቂያው ነው። የቆዩ ሪሎች ፕላስቲካቸው አሲቴት የሚባለው ዓይነት ሲሆን፣ ሙቀትና እርጥበት ሲያገኘው እየተበላሸ አሴቲክ አሲድ ይለቃል፤ የሆምጣጤው ሽታ የዚህ ምልክት ነው። ጉዳቱ አንዴ ከጀመረ የሚወጣው አሲድ ራሱን እያፋጠነ ይሄዳል፣ አጠገቡ ያለውንም ያውካል። ክሩ ይኮማተራል፣ ይጠማዘዛል፣ ከጊዜ በኋላም ሄድ ላይ ተስተካክሎ መተኛት ያቅተዋል። የሚመልሰው ሕክምና የለም፤ የሚቻለው ማቀዝቀዝ፣ አየር እንዲያገኝ ማድረግና ቶሎ መገልበጥ ነው። ስለዚህ ሁለቱን ዛሬውኑ ከሌሎቹ ለይተው በወረቀት ካርቶን፣ አየር በሚያገኝ ሌላ ክፍል ያስቀምጡ፤ በላስቲክ አሽጎ ማስቀመጥ አሲዱን መልሶ በላዩ ላይ ያፍነዋል። ሽታ ያልጀመረ አሲቴትን ለመለየት ሪሉን በጎን በኩል ወደ ብርሃን ይያዙት፦ ብርሃኑ በተጠቀለለው ክር ውስጥ ፈካ ብሎ ካለፈ አሲቴት ነው፣ ድፍን ብሎ ከጠቆረ ፖሊስተር ነው።

ፖሊስተሩ ራሱ ብዙም አይበላሽም፤ የእርሱ ጣጣ ከማጣበቂያው ነው። በተለይ በ1970ዎቹና 1980ዎቹ በአውሮፓ አቆጣጠር ከተመረቱትና ጀርባቸው ጥቁር ለምድ ካላቸው ክሮች መካከል፣ ማጣበቂያቸው ከአየር እርጥበት እየሳበ የሚሟሽሽና የሚጣበቅ አለ። እንዲህ ያለው ክር ሲጫወት ሲጢጥ ይላል፣ ሄዱ ላይም ቡናማ ጭቃ ይጥላል፤ ያ ጭቃ ቆሻሻ ሳይሆን የተቀዳው ድምፅ ራሱ ተፍቆ የወጣ ነው። ሲጢጥ ሲል ወዲያው ያቁሙ። ባለሙያዎች እንዲህ ያለውን ክር 50 ዲግሪ ሴንቲ ግሬድ በሚያህል የተመጠነ ሙቀት ለብዙ ሰዓታት አድርቀው ለጥቂት ሳምንታት እንዲጫወት ያደርጉታል። ይህን ኢንተርኔት ላይ አንብቦ በቤት መጋገሪያ የሚሞክር ሰው አይጠፋም፤ አይሞከር። የቤት መጋገሪያ ሙቀቱ ይዘላል፤ ክሩ አሲቴት ከሆነ ደግሞ ሙቀቱ ያጠፋዋል።

ነጩ ነገር ሻጋታ ነው። ጅማ ከባሕር ወለል በላይ 1,700 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ያለች፣ በዓመት 1,500 ሚሊ ሜትር የሚጠጋ ዝናብ የምታገኝና ዝናቧ ከበልግ እስከ መኸር የሚዘልቅ ከተማ በመሆኗ፣ የአየር እርጥበቱ ለረጅም ጊዜ ከ65 እና ከ70 በመቶ ሲያልፍ ሻጋታ በክር፣ በካርቶንና በማጣበቂያ ላይ ይበቅላል። ኮርኒስ ላይ ደግሞ ቀን የቆርቆሮው ሙቀት፣ ሌሊት ቅዝቃዜው ይፈራረቅበታል። ከዕቃ ቤትም ከኮርኒስም የሚሻለው የመኖሪያ ክፍል ውስጠኛው ግድግዳ ነው፤ ከወለል ከፍ ባለ መደርደሪያ ላይ፣ ሪሉም ካሴቱም እንደ መጽሐፍ ቆሞ፣ ከማዳበሪያ ከረጢቱ ወጥቶ ይቀመጥ። ቤተ መዛግብት ከ20 ዲግሪ ያልበለጠ ሙቀትና ከ30 እስከ 40 በመቶ የሆነ እርጥበት ይመርጣሉ፤ በቤት ይህን ማግኘት ባይቻልም አነስተኛ የእርጥበት መለኪያ ገዝቶ ከ50 በመቶ በላይ እንዳይቆይ መከታተል፣ በክዳን በሚገጥም ሳጥን ውስጥም እርጥበት መጣጭ ሲሊካ ጄል ማስቀመጥ ይቻላል። ሲሊካው ሲረጥብ መድረቅ ወይም መቀየር አለበት፤ ካልሆነ ሳጥኑ ራሱ እርጥበት ያፍናል። ሻጋታ የያዛቸውን ለብቻቸው ለዩ፣ ስትነኳቸው ጓንትና ደህና የአፍና አፍንጫ መሸፈኛ አድርጉ፤ አስም ያለበት ሰው ጨርሶ አይቅረብ። በውኃ፣ በአልኮል ወይም በጨርቅ አትጥረጓቸው። እንደ ቡና ፀሐይ ላይ ላስጣቸው የሚል ሐሳብ ከመጣም ይቅር፤ ክር በቀጥታ ፀሐይ ተኮማትሮ ይጨማደዳል። ሻጋታው ቤት ውስጥ በጥላ፣ በደረቅ አየር ሲደርቅ ዱቄት ይሆናል፤ ከዚያ በኋላ በባለሙያ ይጸዳል።

ስለ ማግኔት ያለው ፍርሃት ግን ከልክ ያለፈ ነው። ትልቅ ድምፅ ማጉያ አጠገብ አያስቀምጡ፤ አንድ ክንድ ያህል ርቀት ይበቃል። ሞባይል ስልክም ሆነ የአየር ማረፊያ የኤክስሬይ ፍተሻ ክርን አይሰርዝም፤ ኤክስሬይ የሚጎዳው ያልታጠበ የፎቶና የፊልም ጥቅልልን ነው።

አሁን ወደ ጊዜው ጉዳይ። «ክሩ አሁንም ደህና ነውና አይቸኩልም» ማለት የተለመደ ስሕተት ነው። ክሩ ቢቆይ እንኳ ማጫወቻው አይቆይም። ዩኔስኮና የዓለም አቀፉ የድምፅና ምስል ቤተ መዛግብት ማኅበር በጋራ ባወጡት ማስጠንቀቂያ፣ ክርን በተለመደው አሠራር ማጫወት የሚቻልበት ዘመን እ.ኤ.አ. በ2025 አካባቢ ያበቃል ተብሎ ነበር። የቪኤችኤስ (የተለመደው የቪዲዮ ካሴት) ማጫወቻ ያመርት የነበረው የመጨረሻው ትልቅ ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2016 አቁሟል። አባትዎ የሪል ማጫወቻቸውን ትተው ከሆነ፣ አትሽጡት፣ ለሙዚየምም ገና አትስጡ፣ በሶኬት ሰክታችሁም አትሞክሩት፤ ለዓመታት ያልበራ ዕቃ ውስጥ ያሉ ካፓሲተሮች ፈንድተው ሌላውን ያቃጥላሉ። ቀስ በቀስ ኃይል እየሰጠ የሚፈትሽ፣ ላስቲኩን የሚቀይር፣ ሄዱን የሚያጸዳና የመግነጢስ ቅሪቱን የሚያነሳ ጠጋኝ ያስፈልገዋል። አባትዎ በዚያው ሙያ ስለነበሩ የሙያ ባልደረቦቻቸው በከተማው አይጠፉም፤ ከመሣሪያ ሻጭ በፊት እነርሱን ይጠይቁ።

ፍላሽን በሚመለከት፣ ፍላሽ ማጓጓዣ እንጂ መጠበቂያ አይደለም። ሰው «ተገለበጠ» የሚለውም ብዙውን ጊዜ በቴፑ የጆሮ ማዳመጫ ቀዳዳ በኩል ወጥቶ በኤምፒስሪ የተጨመቀ ድምፅ ነው። ኤምፒስሪ ለስልክ ያገለግላል፣ ለመዝገብ አይሆንም። የዘርፉ ደረጃ ያልተጨመቀ የዌቭ ፋይል፣ 24 ቢት፣ ቢያንስ 48 ኪሎ ኸርዝ፣ ቢቻል 96 ኪሎ ኸርዝ ነው፤ በ96 የተቀዳ የአንድ ሰዓት ስቴሪዮ 2 ጊጋ ባይት ገደማ ይይዛል፤ ስለዚህ መላው የድምፅ ክምችት ከአንድ ተራ ሃርድ ዲስክ አያልፍም። ማለስለስ፣ ጫጫታ መቀነስ፣ «ድምፁን ማሳመር» በዋናው ፋይል ላይ አይደረግም፤ የሚፈልግ ሰው ከቅጂው ላይ ያሳምር። ጥሩ ገልባጭን ከመጥፎው የምትለዩት በአንድ ጥያቄ ነው፦ «ለእያንዳንዱ ክር የሄዱን ማዕዘን ታስተካክላለህ?» ክሩ የተቀዳበትና የሚጫወትበት ሄድ ማዕዘናቸው ካልተገጣጠመ ቀጭኑ ድምፅ ይጠፋል፤ የ«ሰ»ና የ«ሸ» ድምፅ ይደበዝዛል፣ ያም በኋላ በኮምፒውተር አይመለስም። ጥያቄው ያልገባው ሰው ካለ አመስግነው ይለፉት። ሥራው በክሩ ልክ ጊዜ ይወስዳል፤ ባለ 60 ደቂቃ ካሴት 60 ደቂቃ ይፈልጋል፣ በ19 ሴንቲ ሜትር በሰከንድ የተቀዳ 366 ሜትር ሪል ደግሞ ግማሽ ሰዓት ገደማ። «ሁለት መቶውን ካሴት በሁለት ቀን» የሚል ሰው እያፋጠነ ሊገለብጥ ነው።

ካሴቶቹ ከመጫናቸው በፊት ሦስት ነገር ይደረግ። ከላይ ባለው ጠርዝ ግራና ቀኝ ያሉት ትንንሽ የፕላስቲክ ትሮች ይሰበሩ፤ አንድ ሰው በስሕተት የመቅጃውን ቁልፍ ቢጫን ከመሰረዝ ያድናሉ፤ የቪኤችኤስ ካሴት ጀርባም እንዲህ ያለ አንድ ትር አለው። የላላውን ክር በእስክሪብቶ ቀስ ብሎ ማጠንጠን ይገባል። በመስኮቱ በኩል ደግሞ ክሩን ሄድ ላይ የሚጫነው ትንሽ ሰፍነግ ከመዳብ ምላሱ ላይ መኖሩ ይታይ፤ ማጣበቂያው ደርቆ ወድቆ ከሆነ ክሩ ወደ ሌላ ቤት ይዛወራል፤ ይህ በብሎን የሚፈታ ካሴት ላይ ቀላል፣ በተበየደ ካሴት ላይ ግን ጥንቃቄ የሚሻ ሥራ ነው። ባለ 120 ደቂቃ ካሴቶች ክራቸው እጅግ ስስ ስለሆነ ወደፊትና ወደኋላ በፍጥነት አይጠንጠኑ።

ከመገልበጥ በላይ የማሳስበው ግን መዝገቡን ነው፤ ድምፁ ተርፎ ማን እንደሆነ የማይታወቅ ከሆነ ቤተ መዛግብት የሚቀበለው ዋጋው ተቀንሶ ነው። ለእያንዳንዱ ቁጥር ስጡ፤ ካርቶኑንም ክሩንም በሁሉም ጎን ፎቶ አንሡ፤ የተጻፈውን እንዳለ ገልብጡ፣ አታርሙ። ካርቶኑ ላይ «12/3/72» የሚል ካለ በኢትዮጵያ ነው ወይስ በአውሮፓ አቆጣጠር የሚለው ይዘቱ እስኪሰማ አይታወቅም፤ በግምት አትለውጡት፣ ሰዓቱንም እንዲሁ። የኦሮምኛ ርዕሶች ቁቤ ከመደንገጉ በፊት በፊደል ሲጻፉ አንድ ስም በሦስት ዓይነት አጻጻፍ ሊገኝ ይችላል፤ ሦስቱም ይመዝገቡ። ከዚያ የአባትዎ ዕድሜ እኩዮች የሆኑ አዛውንቶችን፣ ኦሮምኛም አማርኛም፣ ካስፈለገም የምኛ፣ ዳውርኛና ካፊኛ የሚሰሙትን፣ ቤት ጠርታችሁ ቅጂውን አሰሟቸው። የተናጋሪው ማንነት፣ የሠርጉ ባለቤት፣ የዘፈኑ ቀዬ ከእነርሱ አፍ ይመዝገብ፤ ማን እንደነገራችሁም ይጻፍ። ሻጋታ ማጽዳቱ ጥቂት ወራት ቢዘገይ ይታገሳል፤ ይህኛው ግን አይታገስም።

ማኅተም ስላለባቸው ሦስት ሪሎች፣ የክሩ ባለቤትነትና የይዘቱ መብት የተለያዩ መሆናቸውን ይወቁ። ጣቢያዎች ያገለገለ ክር ያስወግዱ፣ ሠራተኞችና ጠጋኞችም ይወስዱ ስለነበር ማኅተም ብቻውን የስርቆት ማስረጃ አይደለም፤ ይሁን እንጂ የጣቢያው ንብረት ሊሆን ስለሚችል መደበቅም መሸጥም አይገባም። በቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 መሠረት የብሮድካስት ድርጅት መብት ለ20 ዓመት፣ የድምፃውያንና የድምፅ ሪከርዲንግ ፕሮዲዩሰሮች መብት ለ50 ዓመት፣ የደራሲው ደግሞ በሕይወት ዘመኑና ከሞተ በኋላ ለ50 ዓመት ይጠበቃል። በዚህም ምክንያት የጣቢያው መብት ጊዜው ቢያልፍም የድራማው ደራሲ ወይም የዜማው ባለቤት መብት ሊቀጥል ይችላል። ለመጠበቅ መገልበጥ አንድ ነገር ነው፣ ዩቲዩብ ላይ መጫን ግን ሌላ። ከዚሁ ጋር፣ የሽማግሌዎች ወግ ውስጥ የቤተሰብ ምሥጢር፣ የሽምግልና ጉዳይ ወይም የደም ዕርቅ ካለ፣ ሕጉ ባይከለክልም የቤተሰቦቻቸው ፈቃድ ሳይገኝ ለሕዝብ አይቅረብ።

ለማን ይሰጥ ለሚለው ቁርጥ ያለ ምክሬ ይህ ነው። የጅማ ሙዚየም በዋነኛነት የሚታወቀው በዳግማዊ አባ ጅፋር ንብረቶችና በአካባቢው ባህላዊ ቁሳቁስ ነው፤ ለእርሱ የሚመጥነው የአባትዎ መሣሪያ፣ የጥገና ዕቃቸውና ሬዲዮኖቻቸው ናቸው፤ ያውም ግልበጣው ካለቀ በኋላ። ዋናዎቹን ክሮች ለማሳያ አትስጡ፤ በመስታወት ሣጥን ውስጥ መብራት ሥር የተቀመጠ ክር ይበላሻል እንጂ ለማንም አይናገርም። ክሮቹን ሳትበታትኑ፣ «ዘፈኑን ለእገሌ፣ ዜናውን ለእገሌ» ሳትሉ፣ በአንድ ክምችትነት ከነመዝገባቸው በመጀመሪያ ለአዲስ አበባው ቤተ መዛግብትና ቤተ መጻሕፍት አመልክቱ፤ ሪል ማጫወትና በተመጠነ ሙቀት ማስቀመጥ መቻሉን በጽሑፍ ጠይቁ። መልሱ አጥጋቢ ካልሆነ የኢትዮጵያ ጥናት ተቋምን፣ በተለይ ለወጉና ለዘፈኑ፣ ጠይቁ። ማኅተም ያለባቸውን ሦስቱን በሚመለከት ለጣቢያው ወራሽ ድርጅት በደብዳቤ አሳውቁና ቅጂ አቅርቡ። ያልተጨመቀው ዲጂታል ቅጂ ደግሞ በጅማ ዩኒቨርሲቲ አንድ ቦታ፣ በቤተሰቡ እጅም አንድ ቦታ ይቅር፤ ሦስት ቅጂ፣ በሁለት ዓይነት ማስቀመጫ፣ አንዱ ከከተማው ውጭ መሆን አለበት። ሃርድ ዲስኩ በየዓመቱ ተከፍቶ ይፈተሽ፣ አምስት ዓመት ሳይሞላውም ወደ አዲስ ይዛወር።

ያለ ጽሑፍ ስምምነት አንድም ክር ከቤት አይውጣ። ስምምነቱ የእያንዳንዱን ቁጥር ዝርዝር፣ ስጦታ ወይም አደራ መሆኑን፣ ዲጂታል ቅጂ ለቤተሰቡ የሚመለስበትን ጊዜ፣ ለሕዝብ የማይከፈቱትን ክሮችና ተቋሙ ቢፈርስ ወይም ቢዋሐድ ክምችቱ ወዴት እንደሚሄድ መያዝ አለበት። «ቆይተን እንፈራረማለን» የሚል ተቋም ካጋጠማችሁ ክሮቹን ይዛችሁ ተመለሱ። ሁሉም ወራሾች ይፈርሙ፤ ወንድምዎም ጭምር።

ዝርዝሩን፣ ፎቶውንና መለየቱን አየሩ ከሚደርቅበት ከታኅሣሥ እስከ የካቲት ባለው ጊዜ ጨርሱ፤ ሆምጣጤ የሚሸቱት ሁለቱ ግን በጋ እስኪገባ አይጠበቁም፣ ገልባጭ እንደተገኘ ይሂዱ። ወደ አዲስ አበባ ሲጓዙ ሪሎቹ ቆመው፣ በካርቶን ውስጥ እንዳይነቃነቁ ተደርገው፣ ከተሳፋሪው ጋር ውስጥ ይግቡ፤ የአውቶቡስ ጣሪያ ላይም ሆነ ሞተሩ አጠገብ ያለው የዕቃ ማስቀመጫ ውስጥ አይጫኑ። ክምችቱንም ሁሉ በአንድ ጉዞ አትላኩ።